የበሬ ቆዳና ቁራጭ ሳሙና፦ ስለ ሚካ ቫልታሪ

መጽሐፉን ያገኘሁት ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ አሮጌ መጻሕፍት መንገድ ዳር ዘርግተው ከሚሸጡ አንድ አዛውንት ዘንድ ነው። ወቅቱ ክረምት ስለነበረ መጻሕፍቱን በላስቲክ ሸፍነዋቸው ነበርና በአንድ እጄ ላስቲኩን ገለጥ አድርጌ፣ በሌላው ጥራዞቹን እያገላበጥኩ ቆየሁ። በመጨረሻ ሽፋኑ ተገንጥሎ በፕላስተር የተለጠፈ፣ ጠርዙ ቢጫ የሆነ ወፍራም የእንግሊዝኛ ልቦለድ እጄ ገባ። «ጋሼ፣ ይኼ የግብጽ ታሪክ ነው?» ብዬ ስጠይቃቸው፣ «ታሪክም ልቦለድም ነው። የጻፈው ግን ግብጻዊ እንዳይመስልሽ፣ የፊንላንድ ሰው ነው። ውሰጂው፣ የኔ ልጅ፣ ካልወደድሽው ትመልሺልኛለሽ» አሉኝ። አልመለስኩላቸውም። ይኸው ሁለተኛ ክረምቱን ከአልጋዬ ራስጌ ነው።

መጽሐፉ «ግብጻዊው ሲኑሄ» ይባላል፤ ደራሲው ሚካ ቫልታሪ ነው። ስለዚህ ሰው ዛሬ በሰፊው ለመጻፍ የተነሣሁት ልቦለዱን ስለወደድኩት ብቻ አይደለም። እኔ እንጀራዬን የማገኘው የቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ በመጻፍ ነው። ክፍል በክፍል እጽፋለሁ፤ ፕሮዲዩሰሩ ቀን ቆርጦ ይሰጠኛል፤ ተዋናይ ሲታመም ወይም የቀረጻው ቦታ ሲከለከል ሌሊቱን ትዕይንቱን ለውጬ አድራለሁ። ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ የሥነ ጽሑፍ ምሽት ላይ የማከብራቸው አንድ አንጋፋ ሰው፣ ሥራዬን ከሰሙ በኋላ በቅን ልቦና፣ «እሱ እንጀራ ነው፣ ድርሰቱንስ መቼ ልትጀምሪ ነው?» ብለው ጠየቁኝ። ጥያቄው ከዚያን ቀን ጀምሮ አልለቀቀኝም ነበር። የቫልታሪን ሕይወት ሳጠና ግን መልሱን ያገኘሁ መሰለኝ፦ ለእንጀራ የሚጻፈውና ለዘመናት የሚቆየው ከአንድ ጠረጴዛ ላይ፣ ከአንድ እጅ ሊወጡ ይችላሉ። አንደኛው ለሌላው እጅ ማፍታቻ የሚሆንበትም ጊዜ አለ።

ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ቀናት፣ ወራትና ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሚካ ቫልታሪ መስከረም 19 ቀን 1908 ሄልሲንኪ ውስጥ ተወለደ። ፊንላንድ በዚያን ጊዜ በሩሲያ ንጉሠ ነገሥት ሥር ነበረች። አባቱ የሉተራን ቄስና መምህር ነበሩ፤ ልጁ ገና 5 ዓመቱ ሳለ በ1914 ሞቱ፤ እናቱም ሦስት ወንዶች ልጆች ይዘው በሠራተኛ ደመወዝ ቀሩ። ፊንላንድ በታኅሣሥ 1917 ነጻነቷን አውጃ ወር ከምናምን ሳይሞላት፣ በጥር 1918 ቀዮችና ነጮች የተባሉ ወገኖች የገጠሙበት የእርስ በርስ ጦርነት ፈነዳ። ሄልሲንኪ በቀዮቹ እጅ ነበረች፤ በሚያዝያ የጀርመን ጦር ገብቶ አስለቀቃት። ልጁ ያኔ 9 ዓመቱ ነበር። ጎረቤት ጎረቤቱን የሚያሳድድበትን ከተማ በልጅ ዓይን ያየ ሰው፣ ሲያድግ ስለ እምነትና ስለ ሥልጣን ደጋግሞ መጻፉ አይገርመኝም። እኛም አገር በቀይ ሽብር ዘመን ልጅ የነበሩ ሰዎች ሲናገሩ የሚሰማ ዝምታ አለ፤ ንግግራቸው መሐል ላይ ድንገት ይቆማል፤ ከዚያ ስለ ሌላ ነገር ይቀጥላሉ። በቫልታሪ ልቦለዶች ውስጥም እንዲህ ያለ ዝምታ እሰማለሁ።

ቤተሰቡ የቄስ ቤተሰብ ስለነበረ ዩኒቨርሲቲ የገባው ነገረ መለኮት ሊማር ነው። ብዙም ሳይቆይ ወደ ፍልስፍናና ሥነ ጽሑፍ ተሻግሮ በ1929 ተመረቀ። የመጀመሪያ መጽሐፉ ግን ተማሪ ሳለ፣ በ1925 የታተመች መንፈሳዊ ትረካ ነበረች። በ1928 ደግሞ ከፊሉን ፓሪስ ተቀምጦ የጻፈው «ታላቁ ቅዠት» የተባለ ልቦለድ ወጣና በአንድ ጊዜ ስሙን አገር አወቀው። ዕድሜው ገና 20 ነበር። በዚያን ጊዜ «እሳት ተሸካሚዎች» ከሚባሉ ወጣት ጸሐፍት ጋር ነበር፤ መፈክራቸው «መስኮቶቹን ወደ አውሮፓ ክፈቱ» የሚል ነበር። በዓመቱ በባቡር አውሮፓን አቋርጦ እስከ ኢስታንቡል ተጓዘና የጉዞ መጽሐፍ ጻፈ። ከ20 ዓመት በላይ ቆይቶ ስለ ቁስጥንጥንያ፣ ማለትም ስለዚያችው ኢስታንቡል መውደቅ ልቦለድ ሲጽፍ፣ ያቺን ከተማ በወጣትነቱ በእግሩ የረገጣት መሆኑ የጠቀመው ይመስለኛል።

በ1931 ማርያታን አገባ፤ በዓመቱ ሳቱ የምትባል ልጅ ወለዱ፤ እርሷም ኋላ ጸሐፊ ሆናለች። እኔ በይበልጥ የምወደው ከዚህ በኋላ ያለውን ዘመን ነው፤ ቫልታሪ ቤተሰብ ሊያኖር ያገኘውን ሁሉ የጻፈበት ዘመን ነውና። መጽሔት ላይ በአርታኢነት ሠራ፤ ሂስ ጻፈ፤ ተረጎመ፤ ተውኔት ደረሰ። ከሁሉ የደነቀኝ ግን ይህ ነው፦ ኪዬኩና ካይኩ የሚባሉ ሁለት አውራ ዶሮዎች የሚታዩበት የልጆች የሥዕል ታሪክ ነበረ፤ ሥዕሉን አስሞ አልሆ ይሥላል፣ ከሥሩ የሚነበበውን ቤት የሚመታ ግጥም ቫልታሪ ይጽፋል። ከ700 ገጽ በላይ የሆነውን የፈርዖኖች ልቦለድ የጻፈው እጅ ስለ ሁለት ዶሮዎች ለሕፃናት ቤት ሲደፋ አስቡት። ግጥም የሞከረ ሁሉ እንደሚያውቀው በጥቂት ስንኝ ውስጥ ድርጊት፣ ሣቅና ቤት መምቻ ማስገባት ቀላል አይደለም። አንድ ቃል ከበዛ ስንኙ ይሰበራል፤ አንድ ቃል ከጎደለ ልጁ አይስቅም።

በ1935 ደግሞ ደራሲ ለመሆን ለሚያስቡ ወጣቶች መመሪያ የሚሆን መጽሐፍ አሳተመ። ያኔ 27 ዓመቱ ነበር። በዚያ ዕድሜ መምከር ድፍረት ነው የሚል ይኖራል፤ እኔ ግን ሥራውን እንደ ሙያ፣ እንደ አናጢነት ወይም እንደ ሽመና የሚማሩት ነገር አድርጎ ማየቱን አከብርለታለሁ።

ሲኒማ የመጣው በዚሁ መንገድ ነው። በፊንላንድ የ1930ዎቹና የ1940ዎቹ ፊልም ፋብሪካ ይመስል ነበር፤ ስቱዲዮዎቹ ፊልም በፊልም ላይ ይሠሩ ስለነበር ታሪክ ያለማቋረጥ ይፈልጋሉ። ተውኔቶቹና አጫጭር ልቦለዶቹ ተራ በተራ ወደ ፊልም ተለወጡ፤ በቀጥታ ለፊልምም ጻፈ። ከእነዚህ ሁሉ የገነነው ቲ. ዪ. ሳርካ ያዘጋጀው፣ በ1941 መጀመሪያ ለእይታ የበቃው «የከርታታው ቫልስ» ነው። አንድ ባላባት በመሣሪያ ግጥሚያ ሰው ገድሎ ይሰደዳል፤ ማንነቱን ደብቆ ከከርታቶች ጋር ይዞራል፤ ይዘፍናል፤ ያፈቅራል። ታሪኩ ይኸው ነው። ቀኑን ልብ ላለው ሰው ግን ሌላ ነገር ይታያል፦ ፊልሙ የወጣው ፊንላንድ ከሶቪየት ኅብረት ጋር ባደረገቻቸው ሁለት ጦርነቶች መካከል በነበረችው አጭር የሰላም ጊዜ ነው።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቁም፤ ይህ የፊንላንድ ታሪክ ከእኛው ጋር የሚነካካበት ቦታ ስላለ ነው። ሶቪየት ኅብረት ኅዳር 30 ቀን 1939 ፊንላንድን ወረረች፤ ሄልሲንኪም በዚያኑ ዕለት በቦምብ ተደበደበች። የመንግሥታቱ ማኅበር በታኅሣሥ ሶቪየት ኅብረትን ከአባልነት አስወጣ፤ ጦርነቱ ግን አልቆመም። 105 ቀን ከተዋጉ በኋላ በመጋቢት 1940 ፊንላንዶች ካሬሊያን አስረክበው ሰላም ፈረሙ፤ ከ400 ሺሕ በላይ ሰዎችም ቤታቸውን ጥለው ወጡ። ከዚያ ሦስት ዓመት ተኩል ብቻ ቀደም ብሎ፣ በሰኔ 1936፣ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በዚያው ማኅበር ፊት ቆመው የትንንሽ አገሮችን አቤቱታ አሰምተው ነበር። በእኛ ጦርነት ጊዜ የፊንላንድ ቀይ መስቀል የሕክምና ቡድን፣ ሪካርድ ፋልቲን በሚባሉ አረጋዊ የቀዶ ሕክምና ሐኪም መሪነት፣ እዚህ መጥቶ ቁስለኞቻችንን አክሟል። ስለዚህ ያ ሕዝብ ከጦርነት በኋላ ሲኒማ ቤት ገብቶ ስለ ከርታታ ባላባት ሲያለቅስ፣ ቀላል ነገር ወደደ ብዬ ልፈርድበት አልችልም። ቤቱን የተነጠቀ ሰው ስለ ስደተኛ የሚዘፈን ዘፈን ከማንም በላይ ይገባዋል። የፊልሙ ጸሐፊም ይህን ያወቀ ይመስለኛል።

ሌላም የማልሸሽገው ነገር አለ። ቫልታሪ በሁለቱም ጦርነቶች በመንግሥት የማስታወቂያ መሥሪያ ቤት ውስጥ ሠርቷል። ፕሮፓጋንዳ ጽፏል፤ በ1942 ናዚዎች ጀርመን ውስጥ ቫይማር ላይ በጠሩት የደራስያን ጉባኤ ላይም ተገኝቷል። እኛም አገር የማስታወቂያ ሚኒስቴር ደመወዝተኛ የነበሩ፣ ቀን የታዘዙትን ማታ የልባቸውን የጻፉ ደራስያን ስላሉ ጉዳዩ እንግዳ አይሆንብንም። ግን ስለለመድነው ብቻ ልናልፈው አይገባም። ያ ጽሑፉ ሰው ያስጠላ፣ ሰው ያሳሳተ ይሆናል፤ ደግ ልቦለድ መጻፉም ዕዳውን አይፍቅለትም። የእኔ ግምት፣ እርሱም ይህን ያውቅ ነበር የሚል ነው። በጦርነቱ ማግሥት የጻፈው ታላቅ ልቦለድ ውስጥ ያለው ድካም፣ ቃል እንዴት እንደሚፈበረክ ከውስጥ ያየ ሰው ድካም ነው።

አሁን ወደ ሳሙናው ልምጣ። በ1939 እና በ1940 ቫልታሪ ፓልሙ የሚባል የሄልሲንኪ ፖሊስ ኮሚሳር የሚመራቸው ሁለት የወንጀል ልቦለዶች ጻፈ። ሁለተኛው የሚጀምረው በሀብታም ቤት ነው። ብሩኖ ሪግሴክ የተባለ፣ ሰዎችን በክፉ ቀልድ ማዋረድ የሚወድ ከበርቴ፣ በቤቱ መዋኛ ውስጥ ሞቶ ይገኛል። ወለሉ ላይ ቁራጭ ሳሙና አለች፤ ረግጧት አዳልጦት ወድቆ ሰጠመ ይባላል። ቤተሰቡ ያምናል፤ ማመኑ ይመቸዋልና። ኮፍያውን ያላወለቀ፣ ደርባባ፣ ነገር የማይቸኩለው ፓልሙ ግን ያቺን ሳሙና ያያታል። እኔም በሙያዬ ስላየኋት አድንቄያታለሁ፤ በእጅ ከምትያዝ ነገር የበለጠ ታሪክ የሚሸከም የለም። ስንት ጊዜ ነው እኔ ሁለት ገጽ ንግግር ጽፌ ያልሆነልኝን ነገር፣ አንድ የተረሳ ቁልፍ ወይም አንድ ያልተጠጣ ሻይ ጠረጴዛ ላይ ሳስቀምጥ የተሳካልኝ!

ይህን ልቦለድ ማቲ ካሲላ በ1960 ፊልም አደረገው፤ የፊልም ጽሑፉን ያዘጋጁት ሌሎች ናቸው። ፓልሙን ዮኤል ሪኔ፣ ተላላ የሚመስለውን ረዳቱን ኮኪን ሌዮ ዮኬላ ተጫወቱት። በ2012 የፊንላንድ የፊልም ሃያሲያንና ጋዜጠኞች ድምፅ ሲሰጡ፣ ከአገራቸው ፊልሞች ሁሉ አንደኛ ያሉት ይህንኑ ነው። ፊልሙ ሰው ስለወደደው ተከታይ ተሠራለት፤ ከዚያም ስቱዲዮው ሌላ የፓልሙ ታሪክ ሲፈልግ ቫልታሪ ሦስተኛውን ጻፈ፤ ልቦለዱም ፊልሙም በ1962 ወጡ። በዚያን ጊዜ እርሱ ስሙ በዓለም የናኘ፣ የፊንላንድ አካዳሚ አባል የሆነ ሰው ነበር። ቢሆንም ለኮሚሳሩ ሌላ ወንጀል ፍለጋ መቀመጡን አልናቀውም።

«ግብጻዊው ሲኑሄ» የተጻፈው ግን በ1945 ጸደይና በጋ ነው። ቫልታሪ ሃርቶላ በምትባል የገጠር ቀበሌ፣ በሚስቱ እናት ቤት ተቀምጦ በሦስት ወር ተኩል ገደማ ጨረሰው። ይህን የሰማ ሰው ሁሉ ፍጥነቱን ያደንቃል። እኔ ግን የማደንቀው ከፍጥነቱ በፊት የነበረውን ጊዜ ነው። ከዚያ በፊት በነበሩት ዓመታት ስለ ፈርዖን አክናተን ተውኔት ጽፎ ነበር፤ ስለ ጥንታዊት ግብጽ ያገኘውን ሁሉ ሲያነብ ከዐሥር ዓመት በላይ ሆኖት ነበር። ግብጽን በእግሩ ረግጧት አያውቅም። ገና ከልጅነቱ የያዘው ጥያቄ፣ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ያነበበው፣ በጦርነቱ ያየውና የጻፈው፣ የዶሮዎቹ ግጥም፣ የፊልሙ ንግግር፣ የኮሚሳሩ ሳሙና፣ ሁሉም በዚያ በጋ እጁ ላይ ነበሩ። ጉዳዩ ተጠራቅሞ፣ እጁም ተፍታቶ ነበር።

ታሪኩ የሚነገረው በሲኑሄ አንደበት ነው። ሲኑሄ በስደት፣ በምሥራቅ ባሕር ዳርቻ ያረጀ ሐኪም ነው። መጀመሪያ ላይ ይህን የምጽፈው አማልክትንም ነገሥታትንም ላስደስት አይደለም፣ ለራሴ ነው ይላል። በሕፃንነቱ በደንገል ጀልባ ተደርጎ በአባይ ላይ የተንሳፈፈ፣ ሰንሙት የተባለ የድሆች ሐኪምና ሚስቱ ኪፓ አግኝተው ያሳደጉት ልጅ ነው። አንድ ጊዜ የአባይን ውኃ የጠጣ ሰው፣ የትም ቢሄድ ያንን ውኃ እንደናፈቀ ይኖራል ይላል።

ይህን ለእናቴ ነገርኳት። እናቴ የዘጌ ልጅ ናት፤ ከጋብቻዋ ጀምሮ የምትኖረው ግንፍሌ ነው። ዓይኗ ስለደከመ ማንበብ ትታለች፤ ማታ ማታ እየሄድኩ መጽሐፉን በአማርኛ እየነገርኩ አሰማታለሁ። ጣና ላይ በደንገል ታንኳ እንጨትና ቡና ሲጫን እያየች ያደገች ናትና ሕፃኑ በታንኳ መንሳፈፉ አልገረማትም። «እንደ ሙሴ» አለች መጀመሪያ። ቀጥላ ግን፣ «ደንገል ብዙ ቀን አይንሳፈፍም እኮ፣ ውኃ ይጠጣል። ቶሎ ያገኘው ሰው ነበረ ማለት ነው፤ ከሩቅ የመጣም አይደል» አለች። መጽሐፉን ያነበቡ ያውቃሉ፤ እናቴ የልጁን ምስጢር ገና በመጀመሪያው ማታ ነካችው። እኔ ይህን የተረዳሁት ሁለተኛ ሳነበው ነው።

በሦስተኛው ሳምንት የበሬ ቆዳው ጋ ደረስን። ወጣቱ ሲኑሄ ነፈርነፈርነፈር የምትባል ሴት ወድዶ ያለውን ሁሉ ይሰጣታል። ገንዘቡ ሲያልቅ የወላጆቹን ቤት ይሰጣታል። እሱ ሲያልቅ ሰንሙትና ኪፓ ዕድሜ ልካቸውን አጠራቅመው ያዘጋጁትን መቃብር ይሰጣታል። ለጥንት ግብጻዊ መቃብር ማጣት ማለት ለዘለዓለም መጥፋት ነው። ወላጆቹ ይቅር እንዳሉት የሚገልጽ መልእክት ትተውለት ይሞታሉ። ሲኑሄ አስከሬናቸውን የሚያስጠብቅበት ገንዘብ ስለሌለው፣ ክፍያው ጉልበቱ እንዲሆን ሬሳ በሚደርቅበት ቤት ገብቶ ይሠራል፤ ሽታው የማይለቅ፣ ሰው የሚሸሸው ሥራ ነው። ሣጥን ስለሌለው ሁለቱን በአንድ የበሬ ቆዳ ሰፍቶ፣ ሌሊት ወደተከለከለው የነገሥታት ሸለቆ ተሸክሞ ወስዶ በአሸዋ ውስጥ ይቀብራቸዋል፤ ከፈርዖን ጎን ተቀብረው ከፈርዖን መሥዋዕት ይካፈሉ ዘንድ።

ስናገር እናቴ የያዘችውን መቁጠሪያ አቆመች። ወደ 40 ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ እድር ከፍላለች፤ ልክ ወር በገባ ቁጥር የእድሩን ገንዘብ በመሐረብ ቋጥራ ለብቻ ታስቀምጣለች፤ እኔ እከፍልልሻለሁ ብላትም እንቢ ትላለች። «በአንድ ቆዳ?» አለችኝ። «አዎ እማዬ፣ አንድ ላይ።» ብዙ ዝም አለች። ከዚያ፣ «ቢያንስ አልተለያዩም። ልጁ ግን ምን በላ በዚያ ሌሊት?» አለች። መልስ አልነበረኝም። ደራሲው ምን ያህል ርቀት ተጉዞ እዚህ እንደደረሰ ያየሁት ያኔ ነው። ፊንላንዳዊው ቃላቱን ሃርቶላ ላይ ጻፈ፤ ኦሌ ቶርቫልድስ ወደ ስዊድንኛ መለሰው፤ ኔዎሚ ዎልፎርድ ከስዊድንኛው አሳጥራ በ1949 ወደ እንግሊዝኛ ወሰደችው፤ ብሔራዊ ቴአትር ጋ ላስቲክ ሥር ተቀምጦ ጠበቀኝ፤ እኔ በአማርኛ አወራሁት፤ ይህ ሁሉ ሆኖም የግንፍሌዋን ሴት መቁጠሪያ አስቆመ። (የስዊድንኛው ተርጓሚ ዛሬ በአብዛኞቻችን የእጅ ስልክ ውስጥ ያለውን የአንድሮይድ መሠረት፣ ሊኑክስን፣ የጀመረው የሊኑስ ቶርቫልድስ አያት መሆኑን ሳውቅ ደስ ብሎኛል።)

የበሬ ቆዳውና ሳሙናዋ አንድ ዓይነት ነገር ናቸው የምለው ለዚህ ነው። ሁለቱም ስለ ሐዘን ወይም ስለ ወንጀል ማብራሪያ ሳይሰጡ፣ ዓይን የሚያየውና እጅ የሚይዘው ነገር ላይ ታሪኩን አስቀምጠውታል። ይህ የፊልም ጸሐፊ ልማድ ነው። የልቦለዱ አካሄድም ያንኑ ይመስላል፤ 15 መጻሕፍት ተብለው በተከፈሉት ምዕራፎች ውስጥ ትዕይንቱ አጭር ነው፤ እያንዳንዱ ከማለቁ በፊት ቀጣዩን ያስናፍቃል። የጌታው ሐዘን ሲከብድ አንድ ዓይናው ባሪያ ካፕታህ ውሸቱንና ሆዱን ይዞ ይገባል፤ አንባቢው ይተነፍሳል። ሲኑሄና ካፕታህን ከፓልሙና ከኮኪ አጠገብ አድርጌ ሳነባቸው፣ ኮስታራውንና ሣቂታውን የማጣመር ጥበቡን ደራሲው በቆየ ልምድ እንዳገኘው ይታየኛል። አንዳንድ የአገሩ ሃያሲያን ብዙ መጻፉንና በብዙ ሰው መወደዱን እንደ ጥልቀት ማጣት ቆጥረውበት ነበር። እኔ በዚህ አልስማማም፤ ክርክራቸው የሚያስረዳው ስለ ደራሲው ሳይሆን ስለ ራሳቸው ንባብ ነው።

ልቦለዱ ከ40 በሚበልጡ ቋንቋዎች ተተርጉሟል፤ በአሜሪካ በ1949 እጅግ ከተሸጡት መጻሕፍት አንዱ ነበር። በ1954 ማይክል ከርቲዝ ለሆሊውድ ፊልም አደረገው። ጽሑፉን ግን አሜሪካውያን ጻፉት። ፊልሙን አይቼዋለሁ። አዳራሾቹ ሰፊ ናቸው፤ ቀለሙ ያማረ ነው፤ ፒተር ኡስቲኖቭ ካፕታህን ሆኖ በገባ ቁጥር ትዕይንቱ ነፍስ ይዘራል። ቢሆንም የሽማግሌው የሲኑሄ ድምፅ፣ ያ የደከመና የማይዋሽ ድምፅ፣ በሕንጻዎቹ መሐል ጠፍቷል። ያን ድምፅ ለማትረፍ ብዙ ገንዘብ አያስፈልግም ነበር፤ ጸሐፊውን መጠየቅ ይበቃ ነበር።

ዋጋ አልከፈለም አልልም። ቫልታሪ ሲጽፍ ሌት ተቀን ይጽፋል፤ ሲጨርስ ደግሞ እንቅልፍ ያጣል፤ በጭንቀት ይወድቃል፤ ሆስፒታል የገባበትም ጊዜ ነበር። እኔ ሌሊት ትዕይንት ስለውጥ ያደርኩባቸውን ቀናት ስቆጥር ይህን ክፍል በጥሞና አነበዋለሁ፤ በዚህ አርአያዬ እንዲሆን አልፈልግም። የመጨረሻውን ታላቅ ልቦለዱን በ1964 ካወጣ በኋላ ሌላ ልቦለድ አልጻፈም። ማርያታ በ1978 ሞተች፤ እርሱም በዓመቱ፣ ነሐሴ 26 ቀን 1979 በተወለደበት ከተማ ዐረፈ።

ባለፈው ሳምንት የተከታታይ ድራማዬን አንድ ክፍል ለሦስተኛ ጊዜ ሳስተካክል፣ አባትየው ለልጁ የሚናገረውን ረጅም ምክር አወጣሁትና በቦታው ገመዱ የተበጠሰ የቀለበት ሣጥን አስገባሁ። አዘጋጁ ደውሎ፣ «ምክሩ የታለ?» አለኝ። «ሣጥኑ ውስጥ ነው» አልኩት። ሊቀርጸው ተስማምቷል።

እናቴ ዘንድ ደግሞ ገና ከግማሽም አልደረስንም። ሲኑሄ ወላጆቹን ቀብሮ ወደ ሶርያ ሊሻገር ነው፤ ካፕታህም አብሮት ይሄዳል። ትናንት ማታ ከቤቷ ስወጣ በሩ ድረስ ሸኝታኝ፣ «ያ አንድ ዓይናው ምግብ አይጠፋውም፣ ልጁን ያበላዋል፤ ነገ ከዚያ ጀምሪልኝ» አለችኝ።